ቀለም በጋራ ሲለካ፦ ከ17 ሰዎች ዓይን እስከ ክፍት ኮድ

ጊዜው የ1920ዎቹ መጨረሻ ነው (በዚህ ጽሑፍ ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ለንደን በሚገኘው ኢምፔሪያል ኮሌጅ ዴቪድ ራይት የተባለ ወጣት ተመራማሪ ሰዎችን አንድ በአንድ ጨለማ ክፍል እያስገባ፣ ለሁለት የተከፈለች ትንሽ የብርሃን መስኮት እንዲያዩ ያደርግ ነበር። በመስኮቷ አንድ ወገን ከቀስተ ደመና ተነጥሎ የወጣ ንጹሕ ቀለም ይታያል። በሌላው ወገን ቀይ፣ አረንጓዴና ሰማያዊ ብርሃን ይደባለቃሉ። የተመልካቹ ሥራ የሁለቱ ወገኖች ልዩነት እስኪጠፋ ድረስ የሦስቱን ብርሃን መጠን መጨመርና መቀነስ ነው። ራይት የእያንዳንዱን ብርሃን መጠን እየመዘገበ የ10 ሰዎችን ዓይን ለካ።

ከለንደን መሐል ወጣ ብሎ ቴዲንግተን በሚገኘው የብሪታንያ ብሔራዊ የፊዚክስ ላቦራቶሪ ደግሞ ጆን ጊልድ በሌላ ዓይነት መሣሪያ ያንኑ ጥናት በ7 ሰዎች ላይ አካሄደ። የሁለቱ ተመራማሪዎች ውጤት ወደ አንድ መሠረት ተመልሶ ሲነጻጸር በጣም ተቀራርቦ ተገኘ። በመስከረም 1931 ዓለም አቀፉ የብርሃን ኮሚሽን ካምብሪጅ ላይ ሲሰበሰብ የእነዚህን 17 ሰዎች ውጤት አማካይ ወስዶ «ስታንዳርድ ተመልካች» ብሎ አጸደቀው። ከዚያን ቀን በፊት ቀለምን መግለጽ ጨርቅን በየነጋዴው ክንድ እንደ መለካት ነበር፤ የአንዱ ክንድ ከሌላው ይረዝማል፣ ያጥራልም። ከዚያ በኋላ ግን ማንኛውም ቀለም በሦስት ቁጥሮች ሊጻፍ ቻለ፤ ቁጥሮቹም የማንም ፋብሪካ ንብረት አልነበሩም።

ጥናቱ አንድ እንግዳ ነገርም አሳይቶ ነበር። አንዳንድ ንጹሕ ቀለሞችን ሦስቱን ብርሃናት የቱንም ያህል ቢያደባልቁ ማግኘት አልተቻለም። ሁለቱ ወገኖች የሚመሳሰሉት ከሦስቱ አንዱ፣ አብዛኛውን ጊዜ ቀዩ፣ ወደ ወዲያኛው ወገን ሲዛወር ብቻ ነበር። በሒሳብ ቋንቋ ይህ ማለት መጠኑ ከዜሮ በታች ነው። ስሌት በእጅ በሚሠራበት ዘመን ከዜሮ በታች የሆኑ ቁጥሮች ሥራን ስለሚያከብዱ፣ ኮሚሽኑ በዓይን የማይታዩ፣ በሒሳብ ብቻ ያሉ ሦስት መሠረቶችን ፈጠረ፤ ኤክስ፣ ዋይና ዜድ ብሎም ሰየማቸው። ዛሬ የምንጠቀምበት ፕሪንተር ሁሉ በስተመጨረሻ የሚለካው በእነዚህ ቁጥሮች ነው።

ቁጥሮቹ አንድ ጉድለት ነበረባቸው። በአረንጓዴ አካባቢ ትልቅ የቁጥር ልዩነት ለዓይን ትንሽ ሆኖ ይታያል፤ በሰማያዊ አካባቢ ደግሞ ትንሹ ልዩነት ጎልቶ ይታያል። ይህን ለማረም ኮሚሽኑ በ1976 ላብ የሚባለውን አዲስ አጻጻፍ አወጣ። በላብ አንዱ ቁጥር ከጥቁር እስከ ነጭ ያለውን ብሩህነት ከ0 እስከ 100 ይገልጻል። ሁለተኛው ቀለሙ ወደ አረንጓዴ ወይስ ወደ ቀይ እንደሚያደላ፣ ሦስተኛው ወደ ሰማያዊ ወይስ ወደ ቢጫ እንደሚያደላ ያመለክታል። በዚህ አጻጻፍ በሁለት ቀለሞች መካከል ያለው ርቀት ዴልታ ኢ ይባላል፤ ርቀቱ ወደ 1 ሲጠጋ ልዩነቱን ዓይን የሚለየው በጭንቅ ነው። ደንበኛና ማተሚያ ቤት «ተመሳስሏል»፣ «አልተመሳሰለም» እያሉ ሲከራከሩ የሚዳኛቸው ቁጥር ተገኘ።

የኅትመት ኢንዱስትሪው ግን ይህን የጋራ ቋንቋ ወዲያው አልተቀበለውም። በ1970ዎቹና በ1980ዎቹ መጀመሪያ ባለ ቀለም ኅትመትን የያዙት እንደ ጀርመኑ ሄል፣ እንደ ብሪታንያው ክሮስፊልድና እንደ እስራኤሉ ሳይቴክስ ያሉ ድርጅቶች ነበሩ። መሣሪያቸው እጅግ ውድ ነው፤ ስካነሩም፣ ማረሚያውም፣ ፊልም ማውጫውም አብረው እንዲሠሩ ተደርገው ይሸጣሉ። የሠለጠነው ባለሙያ ፎቶውን ስካን ሲያደርግ ቀጥታ ወደ ሳያን፣ ማጄንታ፣ ቢጫና ጥቁር ከፍሎ ያወጣዋል፤ የትኛው ቁጥር በየትኛው ወረቀት ላይ ምን እንደሚሰጥ የሚያውቀውም እሱ ራሱ ነው። ዕውቀቱ በባለሙያው ጭንቅላትና በአምራቹ ዝግ ኮድ ውስጥ ስለተቀበረ፣ ሥራው ከአንድ ቤት ወጥቶ ሌላ ቤት ሲገባ ቀለሙን ይዞ አይወጣም ነበር።

በዚሁ ዘመን፣ በ1980 አካባቢ፣ በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም አንድ ፕሪንተር ትልቅ መዘዝ አስከተለ። ዜሮክስ ለተቋሙ የሰው ሠራሽ አስተውሎት ላቦራቶሪ አዲስ የሌዘር ፕሪንተር ሰጥቶ ነበር። ሪቻርድ ስቶልማን የሚባለው ፕሮግራመር ቀድሞ የነበረው ፕሪንተር ወረቀት ሲቀረቀርበት ለተጠቃሚዎቹ መልእክት እንዲልክ አድርጎ ኮዱን አሻሽሎት ነበር፤ የአዲሱን ግን ኮዱን የሚሰጠው አጣ። በካርኔጊ ሜለን ዩኒቨርሲቲ ኮዱ በእጁ ያለ ሰው ቢያገኝም፣ ሰውየው ለማንም ላለመስጠት ቃል ገብቻለሁ ብሎ መለሰው። ስቶልማን በ1983 ማንም የሚያነበው፣ የሚያሻሽለውና የሚያካፍለው ሶፍትዌር ለመሥራት ግኑ የተባለውን ፕሮጀክት ሲያውጅ ይህን ክልከላ አልረሳም ነበር። የነጻ ሶፍትዌር እንቅስቃሴ ከፕሪንተር ጋር በተያያዘ ቁጭት መጀመሩን ለቀለም ታሪክ እንደ ተራ ገጠመኝ አላየውም። ፕሪንተር የኮምፒውተርን ቁጥር ወደሚዳሰስ ነገር የሚለውጥ መሣሪያ ነው፤ ኮዱ ሲዘጋም ጉዳቱ ቀድሞ የሚታየው እሱ ላይ ነው።

በ1982 ጆን ዋርኖክና ቻርልስ ጌሽኪ የመሠረቱት አዶቤ ፖስትስክሪፕት የሚባለውን የገጽ መግለጫ ቋንቋ ሠራ። በ1985 አፕል ይህንን ቋንቋ የሚናገር ሌዘርራይተር ፕሪንተር ለገበያ አቀረበ፤ አልደስ የተባለው ኩባንያ ደግሞ ፔጅሜከር የተባለውን የገጽ ማዘጋጃ ፕሮግራም አወጣ። ጋዜጣና መጽሔት በጠረጴዛ ላይ ኮምፒውተር መዘጋጀት ጀመረ። በ1988 ፒተር ዶይች ፖስትስክሪፕትን የሚተረጉም ጎስትስክሪፕት የሚባል ፕሮግራም ኮዱን ለሕዝብ ክፍት አድርጎ አወጣ። ውድ ፕሪንተር ያልነበራቸው ሰዎች በዚያ ቋንቋ የተጻፈውን ገጽ በተራ ፕሪንተር ላይ ማተም ቻሉ።

ዝጉ ሰንሰለት ሲበጠስ ነጻነት ብቻ ሳይሆን ግራ መጋባትም መጣ። አሁን ስካነሩ የአንድ ኩባንያ ነው፤ ስክሪኑ የሌላ፤ ፕሪንተሩ የሦስተኛ። «ቀይ 200፣ አረንጓዴ 30፣ ሰማያዊ 40» የሚለው ቁጥር በአንዱ ስክሪን የደም ቀይ፣ በሌላው ብርቱካን የቀላቀለ ቀይ ሆኖ ይወጣል። ቁጥሩ መሣሪያውን «ይህን ያህል ብርሃን አብራ» የሚል ትእዛዝ እንጂ የቀለም መለኪያ አይደለም። ለእያንዳንዱ የመሣሪያ ጥንድ የተለየ ማስተካከያ ቢሠራ ደግሞ 10 ስካነርና 10 ፕሪንተር ላለው ሰው 100 ማስተካከያ ያስፈልገዋል።

መፍትሔው ያ የ1931 የጋራ መለኪያ ነበር። እያንዳንዱ መሣሪያ «የእኔ ቁጥር በስታንዳርዱ ተመልካች ዓይን ይህ ነው» የሚል አንድ ምስክር ወረቀት ቢይዝ፣ 100 ማስተካከያ ወደ 20 ምስክር ወረቀት ይወርዳል። በ1993 አፕል ከለርሲንክ በሚል ስም ይህን ሐሳብ በኮምፒውተሮቹ ውስጥ አስገባ። በዚያው ዓመት አዶቤ፣ አግፋ፣ አፕል፣ ኮዳክ፣ ማይክሮሶፍት፣ ሲሊከን ግራፊክስ፣ ሰን ማይክሮሲስተምስና ታሊጀንት፣ ስምንት ሆነው፣ ዓለም አቀፍ የቀለም ኮንሰርቲየምን መሠረቱ። በምኅጻሩ አይሲሲ ይባላል። ምስክር ወረቀቱም የአይሲሲ ፕሮፋይል ተባለ።

የፕሮፋይሉ አሠራር ለማንም ክፍት ሆኖ ታተመ። ፋይሉ በ128 ባይት መግቢያ ይጀምራል። በመግቢያው ውስጥ የመሣሪያው ዓይነት፣ የቀለም አጻጻፉና የተሠራበት ቀን ይጻፋሉ። እዚያው መሐል ሳይለወጡ የሚገኙ አራት ፊደላት፣ ኤ፣ ሲ፣ ኤስ እና ፒ፣ ፋይሉ የቀለም ፕሮፋይል መሆኑን ያረጋግጣሉ፤ ምንጫቸው የአፕል ከለርሲንክ ፕሮፋይል የሚለው ስም ነው። ከመግቢያው በኋላ ማውጫ ይመጣል፤ እያንዳንዱ የማውጫ መስመር 12 ባይት ሲሆን የትኛው ሠንጠረዥ ከፋይሉ የት እንደሚጀምርና ምን ያህል እንደሚረዝም ይናገራል። የመገናኛው ቋንቋ ወይ ኤክስ፣ ዋይ፣ ዜድ ነው ወይ ላብ፤ የሚታሰበውም 5000 ኬልቪን ገደማ በሆነ ስታንዳርድ ብርሃን ሥር ነው።

በወረቀት ላይ የተጻፈ ስምምነት ብቻውን ቀለም አያስተካክልም። ፋይሉን የሚከፍት፣ የሚያነብና በመካከል የሚያሰላ ኮድ ያስፈልጋል። ትልልቆቹ ድርጅቶች የየራሳቸውን ኮድ ጻፉ፤ ኮዱም ዝግ ነበር። እንደ ሊነክስ ባሉ ነጻ ሲስተሞች ላይ ለሚሠራ ሰው ግን ምንም አልነበረም። ይህን ክፍተት የሞሉት ጥቂት ግለሰቦች ናቸው።

አንደኛው አውስትራሊያዊው ግሬም ጊል ነው። ከ1997 ጀምሮ የአይሲሲ ፋይሎችን የሚያነብና የሚጽፍ፣ አይሲሲሊብ የተባለ ላይብረሪ አዘጋጀ። ላይብረሪ ማለት ብቻውን የሚሠራ ፕሮግራም ሳይሆን ሌሎች ፕሮግራሞች እየጠሩ የሚያሠሩት የኮድ ስብስብ ነው። ጊል አይሲሲሊብን ማንም በራሱ ምርት ውስጥ እንዲያስገባው በላላ ፈቃድ ለቀቀው፤ ጎስትስክሪፕትም ተቀብሎ ለዓመታት ተጠቀመበት። በዚያ ላይ አርጊል የሚባለውን ሙሉ የቀለም ማስተካከያ ሥርዓት ገነባ። ሌላኛው የስፔኑ ማርቲ ማሪያ ነው። በ1998 ሊትል ሲኤምኤስ የተባለውን ላይብረሪ አወጣ፤ ትንሽ፣ ፈጣን፣ በማንኛውም ሲስተም ላይ የሚሠራና በነጻ የሚሰጥ ነበር።

የሁለቱ ሥራ ተደጋጋፊ ነው። አርጊል ፕሮፋይል ይሠራል፤ ሊትል ሲኤምኤስ በተሠራው ፕሮፋይል ቀለም ያሸጋግራል። አንድ ፕሪንተር እንዴት እንደሚለካ በአርጊል በኩል ቢታይ ነገሩ ግልጽ ይሆናል። መጀመሪያ ታርጀን የተባለው መሣሪያ ለሙከራ የሚታተሙ የቀለም መደቦችን ዝርዝር ያወጣል፤ ብዙውን ጊዜ በመቶዎች የሚቆጠሩ ናቸው። ፕሪንትታርግ እነዚያን መደቦች በገጽ ላይ ይደረድራቸዋል። ገጹ በተመረጠው ወረቀትና ኢንክ፣ ምንም ዓይነት ማስተካከያ ሳይታከልበት ይታተማል። ኢንኩ እስኪደርቅ ይጠበቃል፤ እርጥብ ኢንክና የደረቀ ኢንክ አንድ ዓይነት ቀለም የላቸውምና። ከዚያ ስፔክትሮፎቶሜትር የተባለው መለኪያ ከመደብ ወደ መደብ እየተጎተተ፣ ወረቀቱ ከእያንዳንዱ የብርሃን ሞገድ ምን ያህሉን እንደሚመልስ ያነባል። ንባቡ ማንም በጽሑፍ ማረሚያ ከፍቶ ሊያየው በሚችል ተራ የጽሑፍ ፋይል ይቀመጣል። በመጨረሻ ኮልፕሮፍ ከእነዚያ ንባቦች ፕሮፋይሉን ያሰላል።

ስሌቱ ከባድ የሚሆነው ወደ ኋላ ሲኬድ ነው። «ይህን ያህል ሳያን፣ ይህን ያህል ማጄንታ፣ ይህን ያህል ቢጫና ጥቁር ብጨምር ምን ቀለም ይወጣል?» ለሚለው መልሱ አንድ ነው። «ይህን ቀለም ለማግኘት ምን ያህል ኢንክ ልጨምር?» ለሚለው ግን መልሱ ብዙ ነው። አንዱን ግራጫ በጥቁር ኢንክ ብቻ ማውጣት ይቻላል፤ ሦስቱን ባለ ቀለም ኢንኮች በማመጣጠንም ይወጣል። የመጀመሪያው ኢንክ ይቆጥባል፣ ግን በፎቶ ላይ ነጠብጣቡ ይታያል። ሁለተኛው ለስላሳ ነው፣ ግን ብዙ ኢንክ ይፈጃል፤ ወረቀቱም አልሸከም ብሎ ሊረጥብና ሊሸበሸብ ይችላል። ስለዚህ ፕሮፋይሉን የሚሠራው ሰው ወረቀቱ የሚችለውን የኢንክ ጣሪያና የጥቁሩን ድርሻ ይወስናል። ስክሪን ላይ የሚታየው ደማቅ ሰማያዊ ወረቀት ላይ ጨርሶ የማይገኝ ከሆነም ምን እንደሚተካው መመረጥ አለበት። ለዚህ አይሲሲ አራት መንገዶችን አስቀምጧል። ለፎቶ የቀለሞቹን ዝምድና የሚጠብቀው፣ ለድርጅት ዓርማ ደግሞ ሊገኝ የሚችለውን ቀለም ሳይነካ የሚተወው ይመረጣል።

ፕሮፋይሉ ከተሠራ በኋላ ሥራው የሊትል ሲኤምኤስ ነው። ፎቶ ማረሚያው የምስሉንና የፕሪንተሩን ፕሮፋይል ይሰጠዋል፤ ላይብረሪው በሁለቱ መካከል መሸጋገሪያ ሠንጠረዥ ይሠራል። በየጎኑ 33 ነጥብ ያለው ኩብ ሆኖ የተሠራ ሠንጠረዥ 35,937 ነጥቦች አሉት። የምስሉ ነጥብ በሠንጠረዡ ነጥቦች መካከል ሲወድቅ ላይብረሪው በዙሪያው ካሉት ማዕዘኖች መካከለኛውን ያሰላል። 12 ሚሊዮን ነጥብ ላለው ፎቶ ይህንን 12 ሚሊዮን ጊዜ ያደርጋል፤ ተጠቃሚው ግን መኖሩን እንኳ አያውቅም።

በነጻ ሲስተሞች ላይ የኅትመቱ መንገድም በእነዚሁ ዓመታት እየተጠረገ ነበር። አሜሪካዊው ማይክል ስዊት ለጊምፕ ፎቶ ማረሚያ የማተሚያ ተጨማሪ ጻፈ፤ በ1999 ደግሞ ካፕስ የሚባለውን የኅትመት ሥርዓት አወጣ። በዚያው በ1999 ሮበርት ክራዊትዝ የኤፕሰን ስታይለስ ፎቶ ኢኤክስ ፕሪንተር በስዊት ተጨማሪ በሚገባ እንዲያትምለት ኮዱን ማሻሻል ጀመረ። ያ ፕሪንተር ከአራቱ ኢንኮች ሌላ ፈካ ያለ ሳያንና ፈካ ያለ ማጄንታ ነበረው። እያንዳንዷ ጠብታ የት እንደምትወድቅና ፈካ ካለው ወደ ደማቁ ኢንክ መቼ እንደሚታለፍ የሚወስን ስሌት መጻፍ ነበረበት። ሥራው አድጎ በኋላ ጉተንፕሪንት ተባለ። ካፕስን ደግሞ አፕል በ2002 በማክ ኮምፒውተሮቹ ውስጥ አስገባው፤ በ2007 የካፕስን ኮድ ገዝቶ ስዊትን ቀጠረው።

ክፍት ላይብረሪ ምን ያህል እንደሚያስፈልግ በግልጽ የታየው በዚያው በ2007 ነው። ሰን ማይክሮሲስተምስ የፕሮግራም መጻፊያ ቋንቋውን የጃቫን ኮድ ለሕዝብ ክፍት ሲያደርግ አንዳንድ ክፍሎቹን መክፈት አልቻለም፤ የሌሎች ንብረት ነበሩ። አንዱ የኮዳክ የሆነው የቀለም ማስተካከያ ኮድ ነው። ቦታውን የተካው ሊትል ሲኤምኤስ ነበር። አንድ ሰው የጀመረው ሥራ ትልቁ ኩባንያ ሊከፍተው ያልቻለውን በር ከፈተ።

በ2008 የወጣው የድረ ገጽ አሳሽ ፋየርፎክስ 3 በድረ ገጽ ላይ ያሉ ፎቶዎችን ለማስተካከል ሊትል ሲኤምኤስን ተጠቀመ። በቀጣዩ ዓመት ፍጥነትንና ደኅንነትን በማሰብ ለአሳሹ ብቻ በተጻፈ ሌላ ላይብረሪ ተካው። ፕሮፋይል ከማያውቁት ሰው ሊመጣ የሚችል ፋይል ነው፤ ርዝመቱን አሳስቶ የሚናገር የማውጫ መስመር ፕሮግራሙን ሊያፈርሰው ይችላል። ስለዚህ እያንዳንዱን ቁጥር ሳያምኑ መመርመር የላይብረሪ ጸሐፊዎች የዘወትር ሥራ ሆነ። በ2010 ሊትል ሲኤምኤስ በሁለተኛ ትውልዱ ታደሰ፤ ጎስትስክሪፕት 9ም የቀለም አሠራሩን እንደ አዲስ በአይሲሲ ላይ ሲገነባ ይህንኑ ላይብረሪ መረጠ።

የቀረው ዝግ በር መለኪያ መሣሪያው ነበር። የስፔክትሮፎቶሜትርና የስክሪን መለኪያ አምራቾች መሣሪያውን ከኮምፒውተር ጋር የሚያገናኘውን ድራይቨር የሚያዘጋጁት በአብዛኛው ለዊንዶውስና ለማክ ነው። ግሬም ጊል የእነሱን ላይብረሪ ሳይጠቀም ለብዙዎቹ መሣሪያዎች የራሱን ድራይቨር ጻፈ። በ2011 ደግሞ ብሪታንያዊው ሪቻርድ ሂውዝ ከለርሃግ የተባለውን የስክሪን መለኪያ አወጣ፤ ንድፉም ውስጣዊ ኮዱም ለሁሉም ክፍት ነበር። ሂውዝ ከለርዲ የተባለውን አገልግሎትም ጽፏል። ከለርዲ በሊነክስ ኮምፒውተር ላይ የትኛው መሣሪያ የትኛውን ፕሮፋይል እንደሚጠቀም መዝግቦ ለፕሮግራሞች ይነግራል።

የዚህ ሁሉ ድካም ዋጋ የሚለካው አምራቹ ሲሄድ ነው። የቀለም መለኪያዎችን ይሠራ የነበረው ግሬታግማክቤት በ2006 ኤክስራይት በተባለው ኩባንያ ተገዝቶ ራሱን የቻለ ድርጅት መሆኑ ቀረ። በስሙ የተሸጠው ስፔክትሮሊኖ የተባለ መለኪያ ግን ዛሬም በአርጊል ይሠራል። መሣሪያው ያኔ ይለካ እንደነበረ ዛሬም ይለካል፤ የሚያነበው ኮድ ስላለ ብቻ።

ከዚህ ታሪክ የምወስደው ግልጽ ነው። መለኪያ የጋራ ካልሆነ መለኪያ አይደለም፤ መለኪያውን የሚያሰላው ኮድ ከተዘጋም መለኪያው ግማሹ ተዘግቷል። ዛሬ ኮምፒውተርና ስፔክትሮፎቶሜትር ያለው የአዲስ አበባ ማተሚያ ቤት ማንንም ሳያስፈቅድና ለሶፍትዌሩ ሳይከፍል ፕሪንተሩን መለካት፣ ለደንበኛው «ዴልታ ኢው ይህን ያህል ነው» ብሎ ማስረጃ ማቅረብ ይችላል። ይህ መብት በጥቂት ሰዎች ትከሻ ላይ የቆመ ነው። በሥራቸው የሚጠቀም ሁሉ ስሕተት ሲያገኝ ሊነግራቸው፣ የለካቸውን መደቦች ሊያካፍላቸው፣ አጠቃቀሙን በራሱ ቋንቋ ጽፎ ለተከታዩ ሊያስተምር ይገባዋል። የተቀበልነው በነጻ ነው፤ እንዲቀጥል የምናደርገው ግን በሥራ ነው።